ያረምኩት መስመር

ሲወስዱኝ ጣቶቼ ላይ የማተሚያ እርሳስ ጥቁረት ነበር። ሁለት ሰዎች ማተሚያ ቤቱ በር ላይ ጠበቁኝና አንደኛው “ለአጭር ጥያቄ ነው” አለኝ። ኮቴን ልደርብ ብል አያስፈልግህም አሉኝ። አጭሩ ጥያቄ ሰባት ወር ፈጀ።

ጥያቄውም ይኸው ነበር፤ በከተማው የተበተነ አንድ ወረቀት ፊደሉ የእኛን ማተሚያ ቤት ፊደል ይመስላል። ፊደል ለቅሞ ገጽ መደርደር ሥራዬ ነው፤ ይህን ግን እኔ አልለቀምኩትም። እኔ ብለቅመው ኖሮ ያን ያህል ስሕተት አይኖርበትም ነበር። ለመርማሪው ይህንኑ ነገርኩት። አልሳቀም።

ያሰሩን ነፋስ ስልክ፣ ድሮ የሳሙና መጋዘን በነበረ የቆርቆሮ ቤት ውስጥ ነው። ሳሙናው ከተወሰደ ቆይቷል፤ ሽታው ግን ግድግዳው ውስጥ ቀርቷል። ዝናብ ሲገባ ከወለሉ ስንጥቅ ነጭ አረፋ ይወጣ ነበር። ሠላሳ የምንሆን ሰዎች ገላችንን ሳንታጠብ ሳሙና ሸተትን። ቅማሉ ግን በሳሙናው ሽታ አልተታለለም።

እዚህ ላይ ስለ ራሴ ትንሽ ልናገር፤ ለነገሩ ያስፈልጋል። እኔ ትምህርት ቤት ገብቼ አላውቅም። ማተሚያ ቤት የገባሁት ወለል ለመጥረግ ነው። ወለሉ ላይ የወደቁትን የእርሳስ ፊደሎች እየለቀምኩ ወደየሳጥናቸው ስመልስ ነው ማንበብ የተማርኩት። የእርሳስ ፊደል ተገልብጦ ስለሚደረደር ከቀኝም ከግራም አነባለሁ። በዓመታት ውስጥ የሕክምና መጽሐፍ፣ የእርሻ መጽሐፍ፣ የሕግ መጽሐፍ፣ የየሃይማኖቱ መጽሐፍ በእነዚህ ጣቶች አልፏል። ያለፈውንም አልረሳሁትም። ዲግሪ ያላቸው ሰዎች የጻፉትን አርሜያለሁ፤ ያውም ሳያውቁት። ይህን የምለው ለጉራ አይደለም። ሐቅ ስለሆነ ነው።

እስረኞቹ “ማተሚያ ቤቱ” ይሉኝ ነበር። ክርክር ሲነሳ “ማተሚያ ቤቱ ይጠየቅ” ይባላል። እጠየቃለሁ፤ እመልሳለሁ። ያልተጠየቅሁበት ጊዜም አለ፤ ያኔም እመልሳለሁ።

በእኔ በኩል ባለው ጥግ አራት ሆነን እንተኛ ነበር። አንዱ ሸምገል ያሉ የኦርቶዶክስ ቄስ ናቸው፤ የታሰሩት የሚፈለግ የእህታቸውን ልጅ ደብቀሃል ተብለው ነው። ሁለተኛው የካቶሊክ ካህን ናቸው፤ ሁላችንም “አባ” ብቻ እንላቸዋለን። የቤተ ክርስቲያን ሕግ ሮም ድረስ ሄደው የተማሩ ሰው ነበሩ፤ ከውጭ አገር የመጣላቸው ደብዳቤ ነው ያሳሰራቸው። ሦስተኛው የወላይታ ሰው የሆነ ግንበኛ ነው። ጴንጤ ነበር፤ ቤቱ ውስጥ ሰው ሰብስቦ ሲጸልይ ያዙት። ኩላሊቱን ስለሚያመው ሚስቱ በየጠዋቱ የፈላ ውኃ በፔርሙዝ ታመጣለታለች።

ቄሱና አባ ከሰላምታ በቀር ብዙ አይነጋገሩም ነበር። ጠዋት ጠዋት ሁለቱም ወደ ምሥራቅ ዞረው፣ በመካከላቸው እኔን አድርገው፣ በአንድ ግዕዝ አንድ ዓይነት ጸሎት ያደርሳሉ። አንዱ ሲጨርስ ሌላው አሜን አይልም። ግንበኛው ይህን አይቶ አንድ ቀን “ማተሚያ ቤቱ፣ አንተ እኮ የድንበር ድንጋይ ሆንክ” አለኝ።

ከመጋዘኑ ጀርባ አንዲት የጭቃ ክፍል ነበረች። እዚያ ባሏ የሚፈለግ አንዲት ሴት ታስራለች። እርጉዝ ሆና ገብታ እዚያው ወልዳለች፤ ሴት ልጅ። የሕፃኗን ልቅሶ በቆርቆሮው በኩል እንሰማ ነበር። ከአሥር ቀን በኋላ ልቅሶው እየቀጠነ ሄደ። ቅዳሜ ዕለት አንድ የጤና ረዳት አይቷት ሆስፒታል ትሂድ ብሎ ጻፈ። የቀበሌው ሊቀመንበር ግን ፈቃድ የሚፈርመው ሰው ሰኞ ነው የሚመጣው አለ።

እሑድ ረፋዱ ላይ ዝናቡ አባርቶ ከጣሪያው ይንጠባጠባል። በሩ ላይ የመጽሐፍ ገጽ የምታክል መስኮት ነበረች፤ ጠባቂው ከፈታትና ፊቱን አስገባ። ወጣት አብዮት ጠባቂ ነበር፤ ከለቡ በኩል የመጣ የገበሬ ልጅ። በመሠረተ ትምህርት ማንበብ ጀምሮ ሲቸገር በዚያች መስኮት በኩል ያስጨረስኩት እኔ ነኝ። ተፈትኖ ሲያልፍ የምስክር ወረቀቱን ለእናቱ ሳያሳይ ለእኔ ነው ያሳየኝ። ስለዚህ የምለውን ሁሉ ያምን ነበር።

“ሕፃኗ ልትሞት ነው” አለ። “እናትየዋ ልጄ ሳትጠመቅ እንዳትሞትብኝ ቄስ ጥሩልኝ ትላለች።”

ቄሱ ነጠላቸውን እያጣፉ ተነሡ። “በል አውጣኝ፣ ልጄ።”

“ሊቀመንበሩ በረንዳው ላይ ተቀምጧል፣ አባቴ። እስረኛ ካስወጣሁ እኔም እናንተ ጋ ነው የምገባው።”

“እንግዲያው ሕፃኗን አምጣልኝ፤ በዚህች መስኮት።”

“በእሱ ፊት አቅፌያት አልፌ?” ጠባቂው ራሱን ነቀነቀ። “ውኃ ግን አመላልስላታለሁ። ጣሳ ይዤ ስሄድ ማንም ምንም አይለኝም።”

ቄሱ ቆመው ቀሩ። ሴት ልጅ በሰማንያ ቀኗ ነው የምትጠመቀው፤ ለሞት ካሰጋች ግን ቀኑ አይጠበቅም፣ ይህን ያውቃሉ። ያለ ካህን ግን እንዴት ይሆናል? ሕፃኗ ሳትጠመቅ ብትሞት ደግሞ ቤተ ክርስቲያን ግቢ አትቀበርም፤ ይህንንም ያውቃሉ፣ እናትየዋም ታውቃለች። ተመልሰው ጆንያው ላይ ተቀመጡ። የእኒያን ሽማግሌ እጆች እስካሁን አልረሳሁም፤ ሥራ ፈትተው ጉልበታቸው ላይ ተዘርግተው ነበር።

ያን ጊዜ እኔ ተናገርኩ። ከዓመታት በፊት ስለ ካቶሊክ ሥርዓት የምትናገር አንዲት ትንሽ መጽሐፍ ለቅሜ ነበር። ገጿ ዓይኔ ፊት መጣ፤ መስመሩ፣ ከሥሩ ያለው ባዶ ቦታ ሳይቀር። “በሞት አደጋ ጊዜ ካህን ካልተገኘ ማንኛውም ሰው ማጥመቅ ይችላል” አልኩ። ድምፄ መጋዘኑን ሞላው።

አባ ከጥጋቸው ቀና አሉ። “ልክ ነው” አሉ። “በእኛ ሕግ እንደዚያ ነው።”

ደረቴ ተነፋ፤ አልክድም። ሮም የተማረ ሰው ልክ ነው ብሎኛል።

ቄሱ ግን ወደ አባ ዞሩ። ሁለቱ ሲነጋገሩ የሰማሁት ያኔ ነው። ቄሱ የእኛን ልጅ ካቶሊክ ልታደርጓት ነው ወይ አሏቸው። አባ አይደለም አሉ፤ ጥምቀቱ የክርስቶስ ነው፣ ልጅቱ ግን የእናቷ ቤተ ክርስቲያን ልጅ ናት፣ እዚያው ትቆያለች። ቄሱም “ከእናንተ ወደ እኛ የመጣ ሰው ዳግም ሲጠመቅ አይቻለሁ” አሉ። ስድብ አልነበረም፤ ያዩትን ነው የተናገሩት።

“አውቃለሁ” አሉ አባ። “እኛ ከእናንተ የመጣውን ዳግም አናጠምቅም። አንድ ጊዜ ከተጠመቀ ተጠመቀ።”

ግንበኛው በበኩሉ፣ ያላመነ ሕፃን ማጥመቅ በመጽሐፍ ቅዱስ የለም ብሎ ሊጀምር ሲል ከማዶ ያለ እስረኛ “አንተ ደግሞ ዛሬ ተወን” አለው። ተወ።

ጠባቂው መስኮቷ ላይ እንደቆመ ነበር። አባ ጠሩትና እናትየዋ ራሷም ማጥመቅ እንደምትችል ንገራት አሉት። ሄዶ ተመለሰ። አራስ ነኝ፣ እንዲህ ሆኜ እንዴት እደፍራለሁ አለች፤ ትኩሳቱም ከተኛችበት አያስነሳትም። “አንተ አድርግልኝ አለችኝ” አለ። ከዚያ ድምፁን ዝቅ አደረገ። “እኔ ግን አልተጠመቅሁም። አባቴ በኦዳ ዛፍ ሥር ዋቃን የሚለምን ሰው ነው። ማንም ቤተ ክርስቲያን ወስዶኝ አያውቅም።”

እኔ ቸኮልኩ። የሚቀጥለው መስመር ምላሴ ላይ ነበር። “እንግዲያው አይሆንም” አልኩ። “መጽሐፉ ‘የተጠመቀ ሰው እስከሆነ ድረስ’ ይላል።”

“አይልም” አሉ አባ።

“ይላል፣ አባ። እኔ ነኝ የለቀምኩት።”

“እኔ ነኝ የጻፍኩት” አሉ።

ከጣሪያው የሚንጠባጠበው ውኃ ይሰማ ነበር። አባ አልተቆጡም። እኔ የጻፍኩት “ያልተጠመቀ ሰውም ቢሆን” ብዬ ነው አሉ፤ ታትሞ ሲመጣ ግን ትርጉሙ ተገልብጦ አገኘሁት።

ያን ጊዜ ትዝ አለኝ። ረቂቁ በእጅ የተጻፈ፣ በሰማያዊ ቀለም የተጻፈ ነበር። ያቺ መስመር ላይ ስደርስ ቆምኩ። ያልተጠመቀ ሰው ያጠምቃል? ሰው የሌለውን ከየት አምጥቶ ይሰጣል? ጸሐፊው እንቅልፍ ጥሎት ይሆናል ብዬ ማንንም ሳልጠይቅ አረምኩት። በዚያ ቀን ቤቴ የገባሁት የሃይማኖት መጽሐፍ ያረመ ሰው ሆኜ ነው። ለሚስቴም ነግሬያታለሁ።

ሁሉም እኔን ያያል። ቄሱ ያዩኛል፤ የታተመ ነገር ያከብራሉ። ትክክለኛውን ነገር ከአባ በላይ የሚያውቅ እዚያ ቤት ውስጥ አልነበረም፤ ጠባቂው ግን የሚያየው እሳቸውን አልነበረም። “ጋሼ፣ እርስዎ አይሆንም ካሉ እኔ አልነካም” አለኝ። “የሰው ልጅ ነፍስ ነው። አላበላሽም።”

ዕድሜዬን ሙሉ ሌሎችን ሳርም ኖሬያለሁ። ለማተሚያ ቤቱ ሥራ አስኪያጅ፣ ለመርማሪው፣ ለሚስቴ ያላልኩትን ቃል ሠላሳ እስረኛ ፊት ለአንድ ወጣት ዘበኛ አልኩት።

“ተሳስቼ ነው። መስመሩን ያበላሸሁት እኔ ነኝ። አባ ያሉህን አድርግ።”

ከማዶ አንዱ “ማተሚያ ቤቱ ተዘጋ” አለ። ጥቂቶች ሳቁ። አባም ፈገግ አሉ። “በእጄ የገቡትን ቅጂዎች ሁሉ አንድ በአንድ በብዕር ያረምኩ እኔ ነኝ” አሉኝ። “ያን ሁሉ ጊዜ ስፈልግህ ነበር። በል፣ አሁን ሥራ አለን።”

ጠባቂውን ወደ መስኮቷ አስጠጉት። ጠባቂው “ባላምንስ?” አላቸው።

“ማመን አልተጠየቅህም፣ ልጄ። እናትየዋ የምትፈልገውን፣ ክርስቲያኖች የሚያደርጉትን ላድርግላት ብለህ አስብ። ውኃውን ራሷ ላይ እያፈሰስክ ቃሉን በል። ውኃው ገላዋን ይንካ።”

“ይኸው ነው?”

“ይኸው ነው።”

ያ መልስ ሲነገር ምን እንደተሰማኝ በትክክል መጻፍ አልችልም፤ ብዙ ነገር መጻፍ የምችል ሰው ነኝ። ሕግ ሲባል የማውቀው በር የሚዘጋውን ነበር። ያስገባን ሕግ ነው፣ ሕፃኗን እስከ ሰኞ ያቆያትም ፊርማ ነው። ሮም የተጻፈ ሕግ፣ ጳጳሳትና ሊቃውንት የተጨነቁበት ሕግ፣ መጨረሻው ላይ አንድ ጣሳ ውኃ ለያዘ፣ ላልተጠመቀ፣ ጠመንጃ ላነገተ ልጅ ቦታ ትቶለት ነበር። እኔ ያንን ቦታ ነው በእርሳስ ፊደል የደፈንኩት።

ግንበኛው ከተጋደመበት ተነሣ። “ቀዝቃዛ ውኃ አታፍስሱባት፤ ጨቅላ ናት” አለና የፔርሙዙን ክዳን ከፈተ። ለቀኑ ሙሉ የቀረለት ውኃ ያ ነበር። የጠባቂው ጣሳ ላይ በመስኮቷ በኩል ቀዳለት፤ ለብ ያለ ነበር፣ እንፋሎቱ ይታያል። “እኔ አሁንም በዚህ አላምንም” አለ። ከዚያ የቀረውንም ጨመረ።

ቃሉን ያስጠናሁት እኔ ነኝ። በአብ በወልድ በመንፈስ ቅዱስ ስም አጠምቅሻለሁ። ጠባቂው ሦስት ጊዜ ደገመው። ሀ ሁ ሲቆጥር እንደሚያደርገው ግንባሩን ቋጥሮ ነበር። ሊሄድ ሲል ቄሱ “ቆይ” አሉት።

እጃቸውን ወደ አንገታቸው ሰደዱ። ማዕተባቸው ጥቁር ክር ነበር፤ ከላብና ከዕድሜ ብዛት ጠንክሯል። ቋጠሮው እምቢ አላቸው። አባ ከጀርባቸው ቆመው በጥፍራቸው ፈቱላቸው። ቄሱ ክሩን ለጠባቂው አሳልፈው ሰጡት። “ስትጨርስ አንገቷ ላይ እሰርላት” አሉት። ጥምቀቱ ይሁን አይሁን አልተናገሩም። ጠባቂው ሄደ።

በኋለኛው ግድግዳ ላይ ምስማር የቀዳት ቀዳዳ ነበረች። ዓይኔን ለጠፍኩባት። የጭቃ ክፍሏን በርና የጠባቂውን ጀርባ ብቻ ነው የማየው፤ ያየሁትን በሹክሹክታ ለሌሎቹ እነግራለሁ። ጠመንጃውን ከበሩ ውጭ ግድግዳ አስደገፈው አልኳቸው። ኮፍያውን አወለቀ አልኳቸው። ኮፍያህን አውልቅ ያለው ሰው አልነበረም። ከዚያ ተንበረከከ፤ ቀጥሎ ክንዱ ሲንቀሳቀስ አየሁ። አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት። ከኋላዬ መጋዘኑ ውስጥ ያስነጠሰ ሰው አልነበረም።

ሲመለስ ጣሳውን ገልብጦ አሳየን። ባዶ ነበር። “ጥቂት እጅጌዬ ላይ ፈሰሰ” አለ። “ቃሉን ግን አልሳትኩም፣ ጋሼ።”

“አትስትም” አልኩት። “ማን አስተማረህና።”

ሰኞ ፈቃዱ መጣ። ሕፃኗ ሆስፒታል ሳትደርስ መኪናው ውስጥ ሞተች።

ጠባቂው ማክሰኞ ጠዋት መስኮቷን ከፍቶ ነገረን። እናትየዋ እንድትቀብር ስላልተፈቀደላት ሕፃኗን ለቀብር ይዞ የሄደው እሱ ነው። የቤተ ክርስቲያኑ ግቢ ሰዎች ተጠምቃለች ወይ ብለው ጠየቁት። አዎ አለ። ማን አጠመቃት ሲሉት እኔ አለ። ከእግር እስከ ራሱ፣ ካኪውንም ጠመንጃውንም አዩት። ከዚያ አንዱ መጠቅለያውን ገለጥ አድርጎ አንገቷ ላይ ያለውን ክር አየ። ሌላ ጥያቄ አልጠየቁም፤ አካፋ አመጡ።

ቄሱ ቆመው ነበር የሰሙት። ወደ አባ ዞሩ። “አባ፣ ጸሎት እናድርስላት” አሉ።

ጎን ለጎን ቆሙ። እኔ ከመካከላቸው ወጣሁ። አንዱ ሲጀምር ሌላው ይቀበላል፤ ግዕዙ አንድ ነበር፣ ዜማው እንኳ ብዙ አልተለያየም። አንዱ ሲጨርስ ሌላው አሜን አለ። ግንበኛው ግዕዝ አይሰማም፤ ግን ተነሥቶ ቆሞ ነበር።

አራሷን በሳምንቱ ለቀቋት። ስትወጣ በራችን ፊት ቆመች፤ በመስኮቷ በኩል ፊቷን አየሁት። መዳፏን ቆርቆሮው ላይ ለጥቂት ጊዜ አሳርፋ ሄደች።

ከተፈታሁ በኋላ ያቺን ትንሽ መጽሐፍ አሮጌ መጻሕፍት በሚሸጡበት ሁሉ ፈልጌያታለሁ። ብዙ አልታተመችም ነበር። ሁለት ጊዜ አገኘኋት፤ ሁለቱም ላይ አባ በሰማያዊ ቀለም፣ በዚያች በማውቃት ቀጭን ጽሑፍ፣ መስመሩን አርመውታል። ፊደላቸውን ካየሁ በኋላ ወደ ቦታቸው መለስኳቸው። አሁን ቄሱም አባም ግንበኛውም በሕይወት የሉም፤ የጠባቂውን ግን አላውቅም። የመጋዘኑን ቦታም ሄጄ አይቼዋለሁ፤ ፎቅ ነው፤ ሳሙና አይሸትም።

ዘንድሮ አንድ ቅጂ ብስራተ ገብርኤል አካባቢ፣ መንገድ ዳር ላስቲክ ላይ ከተዘረጉ መጻሕፍት መካከል አገኘሁ። ይቺ የአባ ብዕር አልደረሰባትም። ገጹን ሳላገላብጥ ነው የከፈትኩት፤ የት እንዳለ አውቃለሁ። መነጽሬን አድርጌ፣ እስክሪብቶ ከኪሴ አውጥቼ፣ ቃሉን ሰርዤ አባ ያሉትን ከበላዩ ጻፍኩ። እጄ አሁን ይንቀጠቀጣል፤ ግን ይነበባል።

ነጋዴው እየሮጠ መጣ። “ኧረ ጋሼ፣ ምን እያደረጉ ነው? መጽሐፉን አበላሹት እኮ።”

“አሁን አይደለም ያበላሸሁት” አልኩት። “ያኔ ነው።”